ባሎቻቸው ወዳሉበት የተዛወሩት መምህራን፦ ከቢሃር ዴልሂ የደረሰ የዝውውር ክርክር

በህንድ ቢሃር ግዛት በመንግሥት አንደኛ ደረጃ ትምህርት ቤቶች የሚያስተምሩ ሴት መምህራን የዝውውር ጥያቄ አቀረቡ። ባሎቻችን ወደሚሠሩበት ቦታ አዛውሩን የሚል ነበር። ጥያቄያቸው ተቀባይነት አገኘ፤ የዝውውር ደብዳቤውም ወጣ። ችግሩ ግን የተመደቡባቸው ቦታዎች ክፍት አልነበሩም። ለዓመታት እዚያው ሲያስተምሩ የቆዩ ሌሎች መምህራን ነበሩባቸው። እነሱ ሊነሱ ሆነ።

ተነሺዎቹ ዝም አላሉም። ፓትና ወደሚገኘው የግዛቱ ከፍተኛ ፍርድ ቤት ሄደው ከሰሱ፤ ረቱም። ዝውውሩ ተሻረ። በዚህ ጊዜ ሴቶቹ በተራቸው ይግባኝ ብለው ዴልሂ ጠቅላይ ፍርድ ቤት ደረሱ። ፍርዱ የተሰጠው በኖቬምበር 1990 ነው። (እዚህ ያሉት ዓመታት በሙሉ እንደ ፈረንጆች አቆጣጠር ናቸው።)

ፍርዱ አጭር ነው። ዕድሜው ግን ረጅም ሆኗል። ዛሬም ህንድ ውስጥ አንድ መምህር «ያለ አግባብ ተዛወርኩ» ብሎ ፍርድ ቤት ሲቆም፣ የመንግሥት ጠበቃ ከሚመዛቸው ፍርዶች አንዱ ይኸው የቢሃሩ ነው። እኔም የመረጥኩት ለዚህ ነው። ያን ቀን ለሴቶቹ የፈረደው ሐሳብ፣ ኋላ ላይ እንደነሱ ያሉትን ሠራተኞች በር የሚዘጋ ሆኗል። ይህ እንዴት እንደሆነ በደንብ መታየት አለበት።

የዚያን ጊዜዋ ቢሃር

ያኔ ቢሃር ከአሁኑ ትሰፋ ነበር። ጃርካንድ የምትባለው ግዛት ገና አልተለየችም፤ የተለየችው በ2000 ነው። ጋንጅስ ወንዝ ቢሃርን ሰሜንና ደቡብ ብሎ ለሁለት ይከፍላታል። ፓትና ላይ ወንዙን የሚሻገረው የማሃትማ ጋንዲ ድልድይ የተከፈተው በ1982 ነው። ከዚያ በፊት ከከተማዋ ወደ ማዶ የሚሻገር ሰው ጀልባ ይጠብቅ ነበር። ሰሜኑ ክፍል ደግሞ ኮሲን የመሳሰሉ ወንዞች በዝናብ ወቅት የሚያጥለቀልቁት ሜዳ ነው። እንዲህ ባለ አገር አንዲት መምህርት ባሏ ከሚሠራበት ርቃ ተመደበች ማለት በሳምንቱ መጨረሻ ቤቷ ትመለሳለች ማለት አይደለም። ልጆቹን ማን ያሳድጋል? ሁለት ቤት በአንድ ደመወዝ ይቆማል ወይ? አማት ቤት መኖር ነው ወይስ ብቻ መከራየት? ጥያቄው ብዙ ነው።

ሌላም ነገር አለ። በ1991ዱ የሕዝብ ቆጠራ ቢሃር ውስጥ ማንበብና መጻፍ የሚችሉ ሴቶች 23 በመቶ እንኳ አይሞሉም ነበር። በአራት ሴቶች መካከል የተማረችው አንዷ ብቻ እንኳ አትሆንም። ስለዚህ የተማረች፣ ያውም መምህርት የሆነች ሴት በቀላሉ የምትገኝ አልነበረችም። በ1986 የወጣው የህንድ ብሔራዊ የትምህርት ፖሊሲና እሱን ተከትሎ በ1987 የተጀመረው «ኦፕሬሽን ብላክቦርድ» የሚባለው ፕሮግራም ይህንን ያውቁ ነበር። እያንዳንዱ አንደኛ ደረጃ ትምህርት ቤት ቢያንስ ሁለት መምህር ይኑረው፤ በተቻለ መጠን አንዷ ሴት ትሁን ይል ነበር። ሴት መምህር ያለችበት ትምህርት ቤት ወላጆች ሴት ልጃቸውን መላክ ይቀላቸዋል። መንግሥት እነዚህን ሴቶች ሥራ ላይ ማቆየት ይጠቅመው ነበር ማለት ነው። ከባሏ ተለይታ የምትኖር መምህርት ደግሞ አንድ ቀን ሥራውን ትታ ልትሄድ ትችላለች።

ሁለቱም ወገን እውነት ነበራቸው

የዝውውር ክርክርን ከባድ የሚያደርገው አንዱ ሲንቀሳቀስ ሌላው መነቀሉ ነው። ደመወዝ ቢጨመርልኝ የጎረቤቴ ደመወዝ አይቀነስም። ዝውውር ግን እንደዚያ አይደለም። ጥሩ ቦታ፣ ማለትም መንገድ ያለው፣ ሐኪም ቤት የሚቀርበው፣ ለልጆች ትምህርት የሚመች ቦታ፣ ሁልጊዜም ሰው አለበት። አንዷን እዚያ ለማስገባት ሌላውን ማስወጣት ግድ ይላል።

ስለዚህ ተነሺዎቹን እንደ ክፉ ሰዎች ማየት አይገባም። ለዓመታት በአንድ ቦታ አስተምረዋል። የእነሱ ቅሬታ የሚገባ ነበር፤ እሷ ስለጠየቀች ብቻ እኔ ለምን እነሳለሁ? ይህ የሕዝብ ጥቅም ነው ወይስ የአንድ ሰው የግል ጥቅም? የከፍተኛው ፍርድ ቤት ዳኞችም ወደዚህ አዘነበሉ። ዝውውሩ የተሰጠው በጠያቂዎቹ ፍላጎት መሆኑን አዩና ሻሩት።

በሌላ በኩል ደግሞ ሴቶቹን እናስብ። ማመልከቻ ጽፈው፣ በሥርዓቱ ጠይቀው፣ ሥልጣን ካለው አካል ደብዳቤ ተቀብለዋል። ደብዳቤው ግን በፍርድ ቤት ተሰረዘባቸው። ያጠፉት ነገር የለም።

በክሱ ወረቀት ላይ ስማቸው የሌለ ሌሎች ሰዎችም አሉ፤ ተማሪዎቹ። አንድ መምህር ሲነሳ ያስተምረው የነበረው ክፍል ምን እንደሚሆን የሚከራከርላቸው የለም። አንድ ወይም ሁለት መምህር ብቻ ባለው የገጠር ትምህርት ቤት፣ የአንዱ መሄድ የትምህርት ቤቱ ግማሽ መዘጋት ነው። በህንድ የዝውውር ክርክሮች ከሳሽ መምህሩ ነው፤ ተከሳሽ መንግሥት ነው። ልጆቹ ተካፋይ አይደሉም። እኔን ከሁሉ የሚቆጨኝ ይህ ነው።

ጠቅላይ ፍርድ ቤቱ ምን አለ?

የዴልሂ ዳኞች የፓትናን ፍርድ ሻሩ። ሴቶቹ ረቱ። የፍርዱ ፍሬ ነገር እንዲህ ነው።

መጀመሪያ፣ ዝውውሩ በሠራተኛዋ ጥያቄ መሰጠቱ ብቻውን ሕገ ወጥ አያደርገውም አሉ። ሥልጣን ያለው ባለሥልጣን የሠራተኛዋን ችግር አይቶ፣ እንግልቷን ለመቀነስ ብሎ ቢያዛውራት፣ ፍርድ ቤት በዚህ ምክንያት ብቻ ጣልቃ አይገባም። ይህ ክፍል ጥሩ ነው። ሰው ከቤተሰቡ ጋር ይኑር ብሎ ማሰብ ከሕዝብ ጥቅም ጋር የሚጋጭ ነገር አይደለም።

ቀጥሎ ስለ ተነሺዎቹ ተናገሩ። ሰዎቹ በያዙት ቦታ ለዓመታት ቆይተዋል። የያዙት ሥራ ግን ተዛዋሪ ነው። ተዛዋሪ ሥራ የያዘ የመንግሥት ሠራተኛ እዚህ ወይም እዚያ ካልተቀመጥኩ የሚልበት የጸና መብት የለውም። ሥልጣን ያለው አካል የሰጠው የዝውውር ትዕዛዝ የሠራተኛውን ሕጋዊ መብት አይነካም።

ከዚያም ሰፊውን መርህ አስቀመጡ። ፍርድ ቤት ለሕዝብ ጥቅምና ለአስተዳደር ሥራ ተብሎ የተሰጠ ዝውውር ውስጥ ጣልቃ መግባት የሚችለው በሁለት ምክንያት ብቻ ነው፤ ዝውውሩ አስገዳጅ የሆነ የሕግ ድንጋጌን ሲጥስ ወይም በክፉ ልብ የተሰጠ ሲሆን። ሌላው ሁሉ የቢሮው ጉዳይ ነው። ዝውውሩ የአስተዳደር መመሪያን ወይም ሰርኩላርን ቢጥስ እንኳ ፍርድ ቤት እጁን ይሰብስብ፤ ቅር ያለው ሠራተኛ ወደ በላይ አለቃ ይሂድና አቤት ይበል አሉ። ፍርድ ቤቶች በየዕለቱ የሚወጣውን የዝውውር ደብዳቤ እያነሱ የሚመረምሩ ከሆነ የመንግሥት አስተዳደር ይመሰቃቀላል፤ ይህም ሕዝቡን አይጠቅምም።

የመጨረሻው ስጋት ከባዶ የመጣ አልነበረም። ህንድ ውስጥ የአንድ ግዛት መንግሥት መምህራን በብዙ አሥር ሺዎች የሚቆጠሩ ናቸው። እያንዳንዱ የዝውውር ወቅት ክስ ይዞ ቢመጣ፣ እያንዳንዱ ክስም እግድ ቢያገኝ፣ ገጠር የሚሄድ መምህር አይገኝም። አቅም ያለው ጠበቃ ይገዛል፤ የሌለው ጫካ ይመደባል።

መመሪያ እና ሕግ

እኔ የምከራከረው ስለ መመሪያው በተባለው ላይ ነው።

እዚህ ላይ እኛ አዋጅ፣ ደንብና መመሪያ እያልን የምናውቀው ዓይነት ልዩነት አለ። የህንድ ግዛቶች መምህርን መቼ፣ በምን ምክንያት፣ ወዴት ማዛወር እንደሚቻል የሚናገሩ ብዙ ሰርኩላሮች ያወጣሉ። ጡረታ የቀረበውን አትንኩ፤ ባልና ሚስትን በተቻለ መጠን አንድ ቦታ አድርጉ፤ በትምህርት ዘመኑ መሐል አታዛውሩ፤ ይህን ይላሉ። ሲነበቡ ደስ ይላሉ። መምህሩም እነሱን አምኖ ይኖራል። የ1990ው ፍርድ ግን መንግሥት የራሱን ሰርኩላር ቢጥስ ፍርድ ቤት በተለምዶ አያስቆመውም አለ። ተመልከቱ፤ መምህሩ ሰርኩላሩን ቢጥስ ይቀጣል። መንግሥት ቢጥሰው ግን ለመንግሥት አቤት በል ይባላል።

ከዚህ አንድ ዓመት ቀደም ብሎ፣ በ1989 በተሰጠ ሌላ ፍርድ ጠቅላይ ፍርድ ቤቱ ዝውውር የደረሰው ሠራተኛ ቅሬታ ካለው ያቅርብ፤ ቅሬታው እስኪታይ ግን ትዕዛዙ ካልታገደ ወይም ካልተሻረ ሄዶ ሥራ ይጀምር ብሎ ነበር። ካልሄደ በዲሲፕሊን ይጠየቃል። ሁለቱን ስትደምሯቸው የመምህሩ ሁኔታ ግልጽ ይሆናል። መጀመሪያ ሂድ፤ ከዚያ ያዛወረህን ቢሮ ተማጸን።

ፍትሐዊ ለመሆን፣ ይኸው ፍርድ ቤት የዝውውርን ጉዳት አያውቅም ማለት አይቻልም። በ1986 ከካርናታካ ግዛት በመጣ ጉዳይ ተደጋጋሚ፣ ድንገተኛና ምክንያት የለሽ ዝውውር ቤተሰብ እንደሚነቅል፣ ሠራተኛውን ተስፋ እንደሚያስቆርጥ፣ የልጆቹንም ትምህርት እንደሚያቋርጥ በግልጽ ጽፏል። ችግሩን ያያል። መፍትሔውን ግን ለቢሮው ይተዋል።

ሚዛኑ ሲዞር

በ1993 አንድ ጉዳይ መጣ። ሰውየው መምህር አልነበረም፤ በሰሜን ምሥራቅ ህንድ፣ ሺሎንግ ከተማ፣ በመንግሥት የዕፅዋት ጥናት መሥሪያ ቤት የሚሠራ ነበር። ፓውሪ ወደምትባል ሩቅ የሂማላያ ተራራ ከተማ ተዛወረ። ሚስቱ ሺሎንግ ውስጥ የመንግሥት ሠራተኛ ናት፤ ልጆቹም እዚያው ይማራሉ። ባልና ሚስት አንድ ቦታ ይመደቡ የሚል የማዕከላዊ መንግሥት መመሪያም ነበር። እሱን ይዞ ተከራከረ፤ በአስተዳደር ፍርድ ቤትም ረታ። ጠቅላይ ፍርድ ቤቱ ግን ሻረው። ማን ወዴት ይዛወር የሚለው ሥልጣን ላለው አካል የተተወ ነው፤ መመሪያው ሊታሰብበት ይገባል፤ ነገር ግን በፍርድ ቤት የሚያስገድድ መብት አይሰጥም አለ።

የቢሃሮቹ ሴቶች ከባሎቻቸው ጋር እንዲሆኑ የረዳቸው ሐሳብ፣ ይህን ሰው ከሚስቱ ለየው። ሐሳቡ አንድ ነው፤ ቢሮው የወሰነው ይጸናል። ቢሮው ሲያዝን ሠራተኛው ይድናል። ቢሮው ሲጨክን ወይም ግድ ሳይሰጠው ሲቀር ሠራተኛው ማንን ይይዛል?

በሴፕቴምበር 2021 ደግሞ ከኡታር ፕራዴሽ ግዛት የመጣች መምህርት ነገር ታየ። ልታስተምርበት የምትፈልገው አካባቢ ከዚህ ቀደም 13 ዓመት ገደማ የሠራችበት ነበር። ዝውውሩን ጠየቀች፤ ተከለከለች። አላህአባድ ያለው የግዛቷ ከፍተኛ ፍርድ ቤት ለብዙ ዓመት ወደቆየችበት ቦታ ልመለስ ማለቷ አያሳምንም አለ። ጠቅላይ ፍርድ ቤቱም አጸናው፤ እዚህ አዛውሩኝ ወይም ከዚህ አታዛውሩኝ ማለት የሠራተኛው ድርሻ አይደለም፤ የሥራውን ፍላጎት አይቶ የሚያዛውር አሠሪው ነው አለ። በዚህች መምህርት ጉዳይ ውጤቱ ትክክል ሊሆን ይችላል፤ ጥሩውን ቦታ ለረጅም ጊዜ አግኝታዋለች፤ ሌላው ተራውን ይጠብቃል። መርሁ ግን አሁንም የ1990ው ነው።

ክፉ ልብ የሚለውን ምክንያትስ መጠቀም አይቻልም ወይ? ይቻላል፤ ግን ማስረዳት ጭንቅ ነው። በዝውውር ደብዳቤ ላይ «ስለጠላሁህ» ተብሎ አይጻፍም። ሁሉም ደብዳቤ ለአስተዳደር ሥራ ይላል። እንዲያም ሆኖ በዲሴምበር 2008 ጠቅላይ ፍርድ ቤቱ አንድ ጠቃሚ በር ከፍቷል። አንድ የኤክሳይስ ቀረጥ ሠራተኛ ስም በሌለው ጥቆማ ምክንያት ተዛወረ፤ ጥቆማው ሲመረመር ምንም አልተገኘበትም። ፍርድ ቤቱ ዝውውርን በቅጣት ፈንታ መጠቀም ሕገ ወጥ ነው ብሎ ሻረው። በዚህ ፍርድ ሠራተኛው የአለቃውን የግል ጥላቻ ማስረዳት አላስፈለገውም። ትዕዛዙ ከዝውውር ዓላማ ጋር በማይገናኝ ምክንያት ላይ መቆሙን ማሳየት በቂ ሆነ። ለመምህራን ይህ ትልቅ ነገር ነው። ከርዕሰ መምህር ጋር ተጋጭቶ፣ ወይም የአካባቢው ፖለቲከኛ ቅር ተሰኝቶበት የተዛወረ መምህር የሚይዘው ክር ይኸው ነው።

ካርናታካ የወሰደችው መንገድ

የቢሃሩ ፍርድ ሁለት በሮችን ክፍት ትቷል ብያለሁ። ክፉ ልብን አየን። ሌላው አስገዳጅ የሕግ ድንጋጌ ነው። ብዙ ሰው የማያስተውለው ይህኛውን ነው። ሰርኩላር በፍርድ ቤት አይጸናም፤ ሕግ ግን ይጸናል። ስለዚህ መምህራን የሚያዋጣቸው በየግላቸው መክሰስ ብቻ ሳይሆን፣ የዝውውሩ ሥርዓት በሕግ አውጪው እንዲጻፍ መጠየቅ ነው።

የደቡቧ ካርናታካ በ2007 የመምህራንን ዝውውር ብቻ የሚመለከት ሕግ አወጣች። በ2020 ደግሞ በአዲስ ተካችው። የሕጉ አሠራር እንዲህ ነው። ትምህርት ቤቶች እንደ ቦታቸው በቀጠና ይከፈላሉ፤ ከከተማ እስከ ራቅ ያለ ገጠር። ክፍት ቦታዎች ተዘርዝረው ይወጣሉ። አመልካቾች በቅደም ተከተል ይደረደራሉ፤ ከባድ ሕመም ያለበት፣ አካል ጉዳተኛ፣ ባሏ የሞተባት፣ የትዳር ጓደኛው ሌላ ቦታ የሚሠራ ቅድሚያ አላቸው። ከዚያ እያንዳንዱ በተራው ይጠራል፤ ከፊቱ ካለው ዝርዝር ያልተያዘውን ይመርጣል። የተመረጠው ቦታ ከዝርዝሩ ይወጣል፤ ቀጣዩ ይቀርባል። ሁሉም ያያል። ከፊቴ ያለው ማን ነው፣ ለምን ቀደመኝ ብሎ መጠየቅ ይቻላል። መልሱም በሕጉ ላይ አለ።

የሰሜኗ ግዛት ሃሪያና በ2016 በኢንተርኔት የሚሠራ የነጥብ አሰጣጥ ጀመረች። ትልቁን ነጥብ ዕድሜ ይይዛል፤ ለሴቶች፣ ለታመሙና ለሌሎች ልዩ ችግር ላለባቸው ተጨማሪ ነጥብ ይሰጣል። ይህ ፖሊሲ እንጂ እንደ ካርናታካው በምክር ቤት የጸደቀ ሕግ አይደለም። ቢሆንም በቢሮክራቱ ጠረጴዛ ላይ የሚደረገውን ልመና ቀንሷል ብዬ አምናለሁ። ዝውውር በጉቦና በዘመድ የሚገኝ ነገር ከሆነ ዘመድ የሌለው መምህር ዕድሜውን በሙሉ ከገጠር አይወጣም።

እነዚህ ሥርዓቶች ክስ አላስቀሩም። በካርናታካ በከተማ ለረጅም ጊዜ የቆዩ መምህራን በግዴታ ወደ ገጠር ሲላኩ ብዙ ተቃውሞ ተነስቷል። ነገር ግን የክሱ መልክ ተለወጠ። መምህሩ አሁን «እዘኑልኝ» አይልም። ነጥቤ ተሳስቷል፤ የሕጉ ይህ አንቀጽ ተጥሷል ይላል። ዳኛውም የሚመዝነው ነገር አገኘ።

ወደዚህ ዘመን

በማርች 2022 ጠቅላይ ፍርድ ቤቱ የቤተሰብን ነገር እንደገና አነሳ። ጉዳዩ የጉምሩክና የማዕከላዊ ቀረጥ ሠራተኞች ነው። ከአንድ የአስተዳደር ክልል ወደ ሌላ መዛወርን የከለከለውን አሠራር ፍርድ ቤቱ አልሻረም። አሠሪው ይወስናል የሚለው መርህም እንዳለ ነው። ነገር ግን መንግሥት ፖሊሲ ሲያወጣ የቤተሰብ ሕይወትን፣ በሴቶች ላይ የሚወድቀውን የቤት ጫናና የአካል ጉዳተኞችን ሁኔታ ማሰብ አለበት አለ። ፖሊሲውንም በዚህ ዓይን እንደገና እንዲያየው አዘዘ። ከ1990 ወዲህ ከታየው ሁሉ እኔን ተስፋ የሰጠኝ ይህ ነው። እያንዳንዱን ደብዳቤ ሳይነካ፣ ደብዳቤው የሚወጣበትን ሥርዓት መረመረ።

ቢሃርም አላረፈችም። በ2024 ግዛቱ አዲስ የመምህራን ዝውውርና ምደባ ፖሊሲ አወጣ። ሴቶች አነስ ያለ የገጠር አስተዳደር አካባቢ፣ ወንዶች ደግሞ ሰፋ ያለ ንዑስ አውራጃ እንዲመርጡ ያደርግ ነበር። መምህራን ከሰሱ። በኖቬምበር 2024 የፓትና ከፍተኛ ፍርድ ቤት አገደው፤ መንግሥትም ፖሊሲውን ለጊዜው አቆመ። ቀጥሎ በኢንተርኔት ማመልከቻ መቀበል ሲጀመር በምክንያት ተከፋፍሎ ነበር፤ ካንሰርና ሌላ ከባድ ሕመም፣ አካል ጉዳት፣ ባል የሞተባት፣ የትዳር ጓደኛ የሥራ ቦታ፣ ርቀት።

ምክንያቶቹ በዝርዝር መቀመጣቸው መልካም ነው። ከእነዚህ አመልካቾች አንዷ ጥያቄዋ ውድቅ ሆኖ ፍርድ ቤት ብትሄድ ግን ዳኛው መጀመሪያ የሚጠይቃት ያዘነችበትን ምክንያት አይደለም። ቅድሚያ ይገባኛል የምትይው በሕግ ተጽፏል ወይስ በሰርኩላር ነው ይላታል። ጠበቃዋም ወረቀቱን ይዞ መቅረብ ያለበት ለዚያ ጥያቄ ተዘጋጅቶ ነው።